ዜሮ የት ገባ?

መልሱ ስሕተት ነበር፤ መልሱን የጻፉት ደግሞ አጎቴ ነበሩ። ከዚህ ብጀምር ይሻላል፤ በኋላ የገባበት ሰው ሁሉ ነገሩን ሊያወሳስበው ሞክሯልና።

ጥያቄው የዓመቱ መጨረሻ የሒሳብ ፈተና ሰባተኛ ጥያቄ ነው። አንድ ፈንክሽን ተሰጥቷል፤ ሥራው የሰጡትን ቁጥር በራሱ ማባዛት ነው። ሦስት ቢያስገቡበት ዘጠኝ ያወጣል። ኔጋቲቭ ሁለት ቢያስገቡበት አራት ያወጣል። የሚገባው ቁጥር፣ ዶሜን የምንለው፣ ከኔጋቲቭ ሁለት እስከ ሦስት ያለው ሁሉ ነው። ታዲያ የሚወጣው፣ ሬንጁ፣ ከስንት እስከ ስንት ነው? ጥያቄው ይኼው ነው። የአጎቴ መልስ «ከአራት እስከ ዘጠኝ» ይላል።

ዜሮ ከኔጋቲቭ ሁለትና ከሦስት መካከል አለ። ዜሮ በዜሮ ሲባዛ ዜሮ ነው። ከአራት እስከ ዘጠኝ ባለው ውስጥ ግን ዜሮ የለም። ትክክለኛው መልስ ከዜሮ እስከ ዘጠኝ ነው። ይኼን ለማየት ዲግሪ አያስፈልግም። ዲግሪዬ ያስፈለገኝ ለጭቅጭቁ ነው፤ ለእሱም ቢሆን ብዙ አልረዳኝም።

አጎቴ የእናቴ ታላቅ ወንድምና የሒሳብ ክፍሉ ኃላፊ ናቸው። ትምህርት ቤቱ ውስጥ ሁሉም «ጋሼ» ነው የሚላቸው። ዳይሬክተሩም ጋሼ ይላቸዋል፤ እሱንም አስተምረውታል። የሒሳብ መምህራኑን በሙሉ አስተምረዋል፤ እኔንም ጨምሮ። ሬንጅ ማግኘት ሲያስተምሩ ሁለት እጃቸውን ዘርግተው፣ በአንዱ የሰሌዳውን ግራ በአንዱ ቀኙን እየነኩ፣ «ጫፍና ጫፉን ያዝ፣ መሃሉ የትም አይሄድም!» ይላሉ። ሁለቱን ጫፍ ፈንክሽኑ ውስጥ ታስገባለህ፣ የወጡትን ሁለት ቁጥሮች ትጽፋለህ፣ አለቀ። ልጆቹ ይወዱታል። ያጥራልና።

ዘዴው ለቀጥታ መስመር ይሠራል። ቀጥታ መስመር ወይ ይወጣል ወይ ይወርዳል፤ መሃል ላይ አያታልልም። ጠምዛዛ ላይ ግን አይሠራም። ጠምዛዛ ወርዶ ተመልሶ ሊወጣ ይችላል። እስከ ዘንድሮ ድረስ ማንም ያላወቀው አጎቴ ፈተና ላይ ሁልጊዜ ከአንድ እስከ ሦስት ስለሚሰጡ ነው፤ እዚያ ጋ ጠምዛዛውም ሽቅብ ብቻ ነው የሚሄደው። ዘንድሮ «ትንሽ ላጠንክረው» አሉና አንዱን አንስተው ኔጋቲቭ ሁለት አደረጉት። አጠነከሩት። በጣም ከመጠንከሩ የተነሳ ራሳቸውም ወደቁበት።

የምናርምበት ክፍል ድሮ ቤተ ሙከራ ነበር። ጠረጴዛው ረጅም ነው፤ እዚህም እዚያም አሲድ የበላው ጠባሳ አለበት፤ ጥግ ላይ ውኃ የማይወርድበት ቧንቧ ቆሟል። አሠራራችን እንዲህ ነው። ማንም የራሱን ክፍል ወረቀት ለብቻው አያርምም። እያንዳንዳችን ጥቂት ጥያቄ እንይዛለን፤ ወረቀቱ ከእጅ ወደ እጅ ይዞራል። አጎቴ ቆመው መልሱን ያነባሉ፣ እኛ በቀይ እስክሪብቶ እንገለብጣለን። ሲያልቅ እያንዳንዱ አራሚ በውጤት ወረቀቱ ላይ በያዘው ጥያቄ ዓምድ ግርጌ ስሙን ጽፎ ይፈርማል። ፊርማ የሌለው ዓምድ ማኅተም አያርፍበትም። ይኼን ሕግ ያወጡት አጎቴ ናቸው፤ አንድ ዓመት የአንድ ልጅ ውጤት በማን እጅ እንደተቀየረ ሳይታወቅ ቀርቶ ስለነበር። ጥሩ ሕግ ነው።

ሰባተኛው ጥያቄ ለእኔ ደረሰኝ።

«ጋሼ፣ ሰባተኛው ይደገም» አልኩ።

«ከአራት እስከ ዘጠኝ።»

«ዜሮ የት ገባ?»

«የቱ ዜሮ?»

«መሃል ላይ ያለው።»

«ጠረጴዛው ሥር እይው እስቲ» አለ ኮሌታ። ኮሌታ ያልነው አንገቱ ከካርቶን የተሠራ እስኪመስል ሸሚዙን ስለሚያስተኩስ ነው። ሁሉም ሳቀ። አጎቴ አልሳቁም፤ መነጽራቸውን ዝቅ አድርገው አዩኝ።

«አንቺ ልጅ፣ እርማት ላይ ነን እንጂ ክርክር ላይ አይደለንም። ስምንተኛው…» ብለው ቀጠሉ።

እኔም ቀጠልኩ። ሰባተኛውን በራሴ መልስ ማረም ጀመርኩ። ከአራት እስከ ዘጠኝ፣ ኤክስ። ከአራት እስከ ዘጠኝ፣ ኤክስ። አጠገቤ የተቀመጠው መምህር ከእኔ እየተቀበለ ስምንተኛውን ያርማል። ይኼ ሰውዬ ምንም ቢነግሩት መልሱ «ተይው» ስለሆነ ስሙም ተይው ሆኖ ቀርቷል። ጥቂት ወረቀቶች ካለፉት በኋላ ወደ እኔ ዘንበል አለ።

«እህቴ፣ ምንድን ነው ይኼ ሁሉ ኤክስ? መቃብር አስመሰልሽው እኮ።»

«የተሳሳተ መልስ ነዋ።»

«ልጆቹ የጻፉት ያስተማርናቸውን ነው።»

«ስላስተማርናቸው ትክክል አይሆንም።»

«ተይው በናትሽ። ሻይ ሰዓት ደርሷል።»

ከክምሩ መሃል ላይ አንድ ወረቀት ከሌሎቹ ተለየ። ጸሐፊዋ እንደ ሌሎቹ መጀመሪያ አራት ብላ ጽፋለች። ከዚያ አራቱን ሰርዛ ከላዩ ዜሮ አስቀምጣለች። በጠርዙ ላይ «ዜሮ ሲባዛ በዜሮ፣ ዜሮ» የሚል አለ፤ ሥሩ ተሰምሮበታል። የማን እንደሆነ ሳላየው አወቅሁ። ተይው በሚያስተምረው ክፍል ውስጥ መምህራኑ «ለምን» የሚሏት ልጅ አለች፤ አፏ ከዚያች ቃል ውጪ የሚከፈት አይመስልም። ሙሉ አምስት ነጥብ ሰጠኋት። ከዚያ በኋላ ያሉትን ሁሉ አየሁ፤ ሌላ አንድም ሰው ዜሮን አላገኘውም።

ስጨርስ ዓምዱ ግርጌ ስሜን ጽፌ ፈረምኩ።

አጎቴ ነጥቡን ሲደምሩ ነው ያዩት። ወረቀቱን ይዘው ኮሪደር ላይ ጠሩኝ፤ ሰው ፊት ሊቆጡኝ አልፈለጉም። ለእኔ በማሰብ ነው ይላሉ። እኔ ግን ሰው ፊት ቢሆን እመርጥ ነበር።

«ምንድን ነው የሠራሽው?»

«እርማት።»

«በማን መልስ?»

«በትክክለኛው። ጋሼ፣ ዜሮን ያስገቡት እስቲ።»

«ዜሮ ልዩ ነገር ነው። ዜሮን ብቻ ይዘሽ ሕግ አታፈርሺም።»

«እሺ ዜሮን ይተዉት። አንድን ያስገቡ። አንድ በአንድ አንድ ነው። አንድም ከአራት ያንሳል። አንድም ልዩ ነገር ነው? ግማሽስ? ግማሽ በግማሽ ሩብ ነው። መሃሉ ላይ ያለው በሙሉ ልዩ ነገር ከሆነ ልዩ ያልሆኑት እርስዎ የያዟቸው ሁለት ጫፎች ብቻ ናቸው ማለት ነው።»

ሲናገሩ የጠመኔ ብናኝ ከኮታቸው ላይ በእጃቸው የማራገፍ ልማድ አላቸው፤ አሁን ሳይናገሩ አራገፉ።

«ስንት ልጅ በዚህ ዘዴ እንዳለፈ ታውቂያለሽ? አንቺም ያለፍሽው በዚህ ነው። ያንን ሁሉ ልጅ ተሳስተው ነው ያስተማሩት ልትዪኝ ነው?»

«እያልኩዎት ነው።»

ይኼን ስል ድምፄ ትንሽ ከፍ ሳይል አልቀረም። ከክፍሉ ውስጥ የእስክሪብቶ ድምፅ ሁሉ ጠፋ።

«ነገ ዳይሬክተሩ ቢሮ» አሉና ሄዱ።

ለአምስት ነጥብ ይኼ ሁሉ ምንድን ነው የሚል ካለ፣ እነሆ። ትምህርት ቤቱ ለሚቀጥለው ዓመት አንድ የሳይንስ ክፍል ብቻ ነው ያለው። ወንበሩ የተቆጠረ ነው፤ የሚገባው በውጤት ቅደም ተከተል ነው። «ለምን» የምንላት ልጅ ያለ አምስቱ ነጥብ ከመስመሩ በታች ናት። ሌሎቹ አምስቱን አጥተው እሷ ካገኘች ከመስመሩ በላይ ናት። ለሁሉም ቢሰጥ ወይም ጥያቄው ቢሰረዝ ሁሉም እኩል ይወጣል ወይም ይወርዳል፤ እሷ እዚያው ከመስመሩ በታች ትቀራለች። ስለዚህ ልጅቷ ሳይንስ የምትገባበት አንድ መንገድ ብቻ አለ፤ ትክክሉ ትክክል፣ ስሕተቱ ስሕተት ከተባለ።

በማግስቱ ጠዋት ደረጃው ላይ ጠብቃኝ አገኘኋት። ቀጭን ናት፤ የቦርሳዋ ማንገቻ በሽቦ ታስሯል።

«ቲቸር፣ አንድ ነገር ልጠይቅዎት?»

«የኔ ተማሪ አይደለሽም። መምህርሽን ጠይቂ።»

«ጠየቅኳቸው። የሰባተኛው መልስ ከአራት እስከ ዘጠኝ ነው አሉ። ለምን ስላቸው ተይው አሉኝ። እንደገና ለምን ስላቸው ውጪ አሉኝ።»

«እና እኔ ጋ ለምን መጣሽ?»

«ሰው ሁሉ እርስዎ ይጨቃጨቃሉ ስላለ ነው።»

ልቆጣት ፈለግሁ፤ ግን ስም ማጥፋት አልነበረም። «ዜሮን እንዴት አገኘሽው?» አልኳት።

ትንሽ አፈረች። «ቲቸር፣ ሰነፍ ነኝ። ማባዛት አልወድም። ጫፎቹን ሠራሁ፣ ከዛ መሃል አንድ ልሞክር ስል ከሁሉም የቀለለው ዜሮ ሆነ። ዜሮ ወጣ። ከአራት አነሰብኝ። ስለዚህ አራቱን ሰረዝኩት።»

«ጋሼ መሃሉ የትም አይሄድም ብለዋችሁ የለ?»

«ሄዷላ!» አለች፤ አንድ ሰው ዓይኗ እያየ ያመለጣት ይመስል ነበር ድምፅዋ። «ቲቸር፣ አገኘሁት?»

«ውጤት ደረጃ ላይ አይነገርም።»

«እሺ። ግን ሳይንስ ካልገባሁ አባቴ ሱቅ ትቆሚያለሽ ብሎኛል። ስኳር እየመዘንኩ ነው የምቀረው። ስለዚህ መልሱ ዜሮ ካልሆነ ለምን እንዳልሆነ አንድ ሰው ይንገረኝ። አምናለሁ። ብቻ ይንገሩኝ።»

ይኼ ነው ያናደደኝ። አምናለሁ ነው ያለችው። የሚያሳምን ምክንያት ቢያቀርቡላት ሱቅ ገብታ ለመቆም ዝግጁ ናት። እኛ ደግሞ ምክንያት የለንም፤ ያለን «ተይው» ነው።

የዳይሬክተሩ ስብሰባ ከሰዓት በኋላ ነበር። ለምሳ ቤት ስገባ ወሬው ቀድሞኝ ገብቷል። እናቴ ልብስ ሰፊ ናት፤ የፊቱ ክፍል ሥራ ቤቷ ነው። ሲንጀሩ ላይ እንዳጎነበሰች፣ መርፌ በከንፈሯ እንደያዘች ተቀበለችኝ።

«ወንድሜን አዋረድሽልኝ አሉ።»

«አላዋረድኳቸውም። አረምኳቸው።»

«ሥራ ያስገባሽ እሱ ነው።»

«እማ፣ እሳቸው ያስገቡኝ ሒሳብ እንዳስተምር ነው። ሒሳቡ ደግሞ…»

«ሒሳብሽን ለራስሽ!» መርፌውን ከአፏ አወጣች። «አንድ ቁጥር ነው አይደል? ለአንድ ቁጥር አጎት ይከሰሳል? ሰው ምን ይላል?»

ከፊቷ አንድ የሴት ቀሚስ ተዘርግቷል፤ ደንበኛዋ ለሠርግ የምትለብሰው ነው። «እማ» አልኳት፤ «ይኼን ስትቆርጪ አንገቱንና ጫፉን ብቻ ለክተሽ ነው?»

«ምን ማለትሽ ነው? ወገብ የለም? ዳሌ የለም?»

«ጋሼ ወገቡን ሳይለኩ ነው የቆረጡት።»

እናቴ ቀሚሱን አየችው፣ እኔን አየችኝ። የገባት ይመስለኛል። ግን እናቴ ነገር ሲገባት መቀበሉን አትወድም።

«በይ ምሳሽን ብዪና ሂጂ» አለች። «ደግሞ ድምፅሽን ቀነስ አድርጊ፤ የአባትሽን ጉሮሮ ነው የወረስሽው።»

የዳይሬክተሩ ቢሮ ጠባብ ነው። ከጠረጴዛው በስተጀርባ ሰሌዳ አለ፤ ማኅተሙና የቀለም ሙዳዩ ከስልኩ አጠገብ ተቀምጠዋል። አጎቴ ወንበር ተሰጥቷቸዋል። ተይው፣ ኮሌታና እኔ ቆመናል። የውጤት ወረቀቱ መሃል ላይ ተዘርግቷል፤ በሰባተኛው ዓምድ ግርጌ የእኔ ስም አለ።

ዳይሬክተሩ ሰው እንዲጣላ የማይወድ ሰው ነው። መጥፎ አይደለም፤ ሁለት ሰው ሲከራከር መካከላቸው ያለውን ርቀት ለሁለት ከፍሎ እዚያ ላይ መቀመጥ ይወዳል።

«ሁለቱንም መልስ ብንቀበልስ?» አለ።

«ሁለቱም ትክክል ሊሆኑ አይችሉም። ዜሮ ወይ አለ ወይ የለም።»

«ጥያቄውን ብንሰርዘውስ?»

«ታዲያ ልጅቷ መቀመጫዋን ታጣለች። በትክክል ስለመለሰች።»

«ሌሎቹስ?» አለ ኮሌታ። «ልጆቹ ምን አጠፉ? በተማሩት መሠረት ነው የሠሩት።»

ይኼ ከሰማኋቸው ክርክሮች ሁሉ ደህናው ነበር። «ልጆቹ ምንም አላጠፉም» አልኩ። «ያጠፋነው እኛ ነን። እንደገና እናስተምራቸው፣ ይቅርታ እንበላቸው። ግን የእኛን ጥፋት ለምን አንዷ ትሸከመው? ያውም ያላጠፋችው?»

«ወላጆቹን ምን ልበላቸው?» አለ ዳይሬክተሩ። «በእሷ ቦታ የሚወጣው ልጅ አባት ነገ እዚህ ነው የሚቆመው።»

«ተሳስተናል ይበሏቸው።»

«ተሳስተናል!» አለ፤ እንደማያውቀው የባዕድ አገር ቃል ደገመው።

አጎቴ ጉሮሯቸውን ጠረጉ። «የክፍሉ ጉዳይ በክፍሉ ነው የሚወሰነው። እጅ ይውጣ። መልሱ ከአራት እስከ ዘጠኝ ነው የሚል?»

ኮሌታ እጁን አወጣ። ተይው ወደ እኔ ሳያይ እጁን አወጣ። አጎቴ አወጡ። የሚያስቀው፣ ዳይሬክተሩም ግማሽ ያህል አወጣ፤ ድሮ ክፍል ውስጥ እንደለመደው።

«በቃ» አሉ አጎቴ።

«በእጅ ብልጫ ዜሮ ከቦታው አይነሳም» አልኩ። «ደግሞ እጅ ማውጣት ፊርማ አይደለም። ዓምዱ ላይ ያለው የእኔ ስም ነው፤ እኔ አልቀይረውም። ከአራት እስከ ዘጠኝ ነው የሚል የእኔን ስም ይሰርዝና የራሱን ይጻፍ። ሕጉ እንደዚያ ነው። ያወጡት ጋሼ ናቸው።»

ቀዩን እስክሪብቶ ከደረት ኪሴ አውጥቼ ለኮሌታ ሰጠሁት።

ኮሌታ ወረቀቱ ላይ አጎነበሰ። ከንፈሩ ሲንቀሳቀስ አየሁ፤ እያባዛ ነበር። «እኔ… ሰባተኛው የእኔ ጥያቄ አልነበረም» አለና እስክሪብቶውን ለተይው አሳለፈ።

ተይው እስክሪብቶውን እንደ ጋለ ብረት ነው የተቀበለው። «ጋሼ፣ እኔ እጅ አውጥቻለሁ። ፊርማው… እኔ ቤተሰብ አለኝ። የዩኒቨርሲቲ ሰው አንድ ቀን ቢያየው ስሜ እዚህ… ተዉት፣ ተዉት።» እስክሪብቶውን ጠረጴዛው ላይ አኖረው።

ዳይሬክተሩ መስኮቱን ማየት ጀመረ።

«ፈሪ ሁላ!» አሉ አጎቴ። «ስጡኝ!»

እስክሪብቶውን አንስተው ወንበራቸውን ሳቡ። ይፈርማሉ። አጎቴ ፈሪ አይደሉም፤ ቢሆኑ ኖሮ ነገሩ ይቀለኝ ነበር። የእስክሪብቶው ጫፍ ስሜ ላይ ሊያርፍ ሲል ሰሌዳው ሥር ከነበሩት ጠመኔዎች አንዱን አነሳሁና ሽቅብ ወረወርኩት። ኮርኒሱን ነክቶ ተመለሰ። በዚያው እጄ ቀለብኩት። ሁሉም ዘወር አለ።

«ጋሼ፣ ጠመኔው መጀመሪያ የት ነበር?»

«አሁን የልጅ ጨዋታ…»

«የት ነበር?»

«እጅሽ ላይ።»

«አሁንስ የት ነው?»

«እጅሽ ላይ።»

«ጫፍና ጫፉን ያዙ። መጀመሪያም መጨረሻም እጄ ላይ ነው። እንግዲያው መሃሉ የትም አልሄደም?»

አጎቴ ቀና አሉ። ኮርኒሱ ላይ ጠመኔው የመታበት ቦታ ነጭ ነጥብ ቀርቷል። እሱን አዩ። ረጅም ጊዜ አዩት። ከዚያ የውጤት ወረቀቱን ወደ ጎን ገፉና ከዳይሬክተሩ ጠረጴዛ ላይ አንድ ብጫቂ ወረቀት ጎተቱ። ከኔጋቲቭ ሁለት ጀምረው እስከ ሦስት ቁጥሮቹን በተርታ ጻፉ። ከየቁጥሩ ሥር የሚወጣውን ማስቀመጥ ጀመሩ፤ አራት፣ አንድ… ሦስተኛው ላይ እጃቸው ቆመ። ዜሮ ጻፉ። ቀጠሉ፤ አንድ፣ አራት፣ ዘጠኝ። ልክ ተማሪ ሳለሁ እንደማውቃቸው፣ ቁጥሩ እኩል እኩል፣ መስመሩ ቀጥ ያለ። ወርዶ ተመልሶ መውጣቱን ከእኔ ይልቅ የራሳቸው እጅ ያሳያቸው ይመስለኛል።

የእስክሪብቶውን ክዳን ገጠሙ።

«ልጅቷ ማን ናት?»

«ያቺ ለምን የምንላት ናት፣ ጋሼ» አለ ተይው።

«ያቺ አስቸጋሪዋ?»

«እሷው።»

አጎቴ ራሳቸውን ነቀነቁ። «ውጤቱ እንዳለ ይውጣ» አሉ።

«ጋሼ፣ ወላጆቹስ?» አለ ዳይሬክተሩ።

«ወላጆቹን አንተ ታናግራቸዋለህ። ዳይሬክተር የተባልከው ለምን ይመስልሃል፣ ስልኩን ልትጠብቅ ነው?»

ከዚያ ወደ እኔ ዞሩ። ፊታቸው ላይ ምስጋና የፈለገ ሰው ካለ አያገኝም። እኔም አልፈለግሁም።

«አንቺ ግን ከእኔ ክፍል ውጪ ነሽ። ከሚቀጥለው ዓመት የሒሳብ ክፍል ውስጥ ስምሽን ማየት አልፈልግም። በሰው ፊት ጠመኔ የወረወረብኝ ሰው ከእኔ ጋር አያስተምርም።»

«አልወረወርኩብዎትም። ሽቅብ ነው የወረወርኩት።»

«ያው ነው።»

«ያው አይደለም።»

ተይው በክርኑ ጎሸመኝ። «ተይው እንጂ» አለ በሹክሹክታ። «ይቅርታ ብትያቸው እኮ ያልቃል።»

«በምኑ ነው ይቅርታ የምላቸው? በዜሮ?»

ዳይሬክተሩ በሁለታችን መካከል የሚቀመጥበት ቦታ ፈልጎ አጣ። «እንግዲህ… ጋሼ የክፍል ኃላፊ ናቸው። ደብዳቤው ይደርስሻል» አለ።

«ይድረሰኝ። መጀመሪያ ማኅተሙ።»

«አሁን ወጥተሽ እኔ በኋላ…»

«አሁን። እዚሁ ቆሜ ነው የማየው።»

አጎቴን አየ። አጎቴ ግድግዳውን ያያሉ። ዳይሬክተሩ የቀለም ሙዳዩን ከፈተ፣ ማኅተሙን ጠቅ አደረገና ሰባተኛው ዓምድ ሥር አሳረፈው። ማኅተሙ ትንሽ ተንጋደደ፤ ግን ይነበባል። ከስሜ ጎን ሰማያዊ ክብ ቀረ። የልጅቷን መስመር በጣቴ ተከትዬ አምስቱ እንዳለ አረጋገጥኩና እስክሪብቶዬን አንስቼ ኪሴ ከተትኩ።

«ወዴት ነው አሁን?» አለ ዳይሬክተሩ።

«ክፍል አለኝ። ደብዳቤው እስኪደርሰኝ ድረስ መምህር ነኝ፤ ልጆቹ ደግሞ ሰባተኛውን ለምን እንደሳቱ አልተነገራቸውም።»

«እኔ ሳልፈቅድ!» አሉ አጎቴ ከኋላዬ።

ወጣሁና በሩን ዘጋሁት።